የቀኝ ጎማው ሸራ

«የፍሬን ሸራውን የምትበላው ልጄ ናት» አለ አባቴ።

እኔ ሦስተኛ ፎቅ፣ ወጥ ቤታችን መስኮት ሥር ቆሜ ከእናቴ ጋር የተጠበሰ ቀይ ቃሪያ እልጣለሁ፤ እሱ ታች ግቢ ውስጥ ከጎረቤቶቹ ጋር ግራጫዋን ኦፔል መኪናችንን ከቦ ቆሟል። መስኮቱ ወለል ብሎ ስለተከፈተ አንዲት ቃል አላመለጠችኝም። «ሴት እግሯን ከፍሬን ላይ አታነሳም። ቦባን ይነዳት በነበረ ጊዜ የፊት ሸራዋ አራት ዓመት ቆይቷል፣ አራት ዓመት» አለ፤ ወንዶቹም ሳቁ። ቦባን ወንድሜ ነው። ኦስትሪያ ከገባ አሥራ አንድ ዓመቱ ነው፤ መኪናዋን የገዛናት ደግሞ የዛሬ ዘጠኝ ዓመት ነው። እንግዲህ እናንተው አስሉት። በእጄ የያዝኩትን ቃሪያ ሳላውቀው ጨምቄው ጭማቂው እስከ ክርኔ ወረደ። እናቴ ሊዩቢንካ ቀና ብላ አየችኝና ጨርቅ አቀበለችኝ። «ተይው» አለች። እናቴ በዚህ ቤት አርባ አምስት ዓመት የኖረችው በዚህች አንዲት ቃል ነው።

ስለዚያ ፍሬን ሦስት ሳምንት ሙሉ ስጨቀጭቅ የከረምኩት እኮ እኔ ነኝ። ከሰኞ እስከ ዓርብ ወደ ሥራ የምነዳት፣ ልጄን ቴዎዶራን ትምህርት ቤት የማደርስባት እኔ ስለሆንኩ፣ ፍሬን በያዝኩ ቁጥር ከፊት በኩል ሲጥ የሚለውን ድምፅ ቀድሜ የሰማሁትም እኔ ነኝ። መጀመሪያ ብነግረው አቧራ ነው አለ። በሁለተኛው ሳምንት ዝናብ ነው አለ፤ ዝናብ ከጣለ ወር አልፎታል። በሦስተኛው ሳምንት መካኒክ ጋ ልውሰዳት ብዬ አፌን ብከፍት ኩርፍ ብሎ ሁለት ቀን ሳያናግረኝ ዋለ። አባቴ ራዲሳቭ ይባላል፤ ሰባ አራት ዓመቱ ነው፤ ሠላሳ አንድ ዓመት ፋብሪካ ውስጥ ማሽን ሲጠግን ኖሮ ነው ጡረታ የወጣው። እዚህ ኒሽ ከተማ ውስጥ በእሱ ዕድሜ ላለ ወንድ መኪናን ለመካኒክ መስጠት ማለት ሚስትን ለጎረቤት አስረክቦ እንደ መምጣት ነው። ራሱ ይሠራታል፣ ወይም ትቆማለች። በጎ ፈቃዱ ሆኖ ዛሬ፣ ቅዳሜ፣ ሊሠራት ተነሳ፤ ለዚያውም ጥፋቱን በእኔ ላይ አራግፎ።

ነገሩ በቀልድ የሚታለፍ ቢሆን እኔም እተወው ነበር፤ ስንቱን ትቼዋለሁ። ግን ነገ እሑድ የአክስቴ የሙት ዓመት ነው። መንደሯ ከአንድ ትልቅ ገደል በላይ ነው ያለው። ሲወጡት ግድ የለም፤ መውረጃው ግን አሥራ አራት ኪሎሜትር ጥምዝምዝ ቁልቁለት ነው፣ በአንድ በኩል ድንጋይ፣ በሌላው በኩል ወንዝ። እናቴ እንደ ልማዳችን በእህቷ መቃብር ላይ የሚታደለውን ስንዴ ቀቅላ፣ ፈጭታ፣ ከስኳርና ከዋልነት ጋር ለውሳ ማቀዝቀዣ ውስጥ ካስቀመጠችው ቆይታለች፤ በየሰዓቱ ከፍታ ታየዋለች። እሷና ልጄ እዚያች መኪና ውስጥ ይቀመጣሉ፤ መሪውን የሚይዘው ደግሞ አባቴ ነው። በሥራ ቀን ሾፌሯ እኔ ብሆንም እሑድና በዓል የእሱ ነው፤ ቁልፉ ዓርብ ማታ ወደ ኪሱ ይመለሳል፣ እኔ ከኋላ ነኝ። ይሄ ሕግ የትም አልተጻፈም፣ ግን ከተጻፈው ይበልጥ ይሠራል። አርባ ሦስት ዓመቴ ነው፣ ባሌን ፈትቼ ወላጆቼ ቤት የተመለስኩ ሴት ነኝ፣ ስለ ወንበር መከራከር ከተውኩ ቆየሁ። ፍሬኑ ግን ሌላ ነገር ነው።

እጄን ታጥቤ ወረድኩና ወደ ገበያው አጠገብ ወዳለው መለዋወጫ ሱቅ አብረን በእግር ሄድን። እሱ ብቻውን ቢሄድ ምን ይዞ እንደሚመጣ አውቀዋለሁ። ሱቁ ጠባብ ነው፤ እስከ ጣሪያው ድረስ ሳጥን፣ ዘይት ዘይት የሚሸት፣ ከባንኮኒው ኋላ መነጽሯን በሰንሰለት አንገቷ ላይ ያንጠለጠለች፣ ጥፍሯን ቀይ የተቀባች ሴትዮ ተቀምጣለች። አባቴ ከትከሻዋ በላይ ወደ ጓዳው አሻግሮ አየ።

«ባለሱቁ የለም?»

«እኔ ነኝ።»

ጓዳውን እንደገና አየ። «የኦፔል የፊት ፍሬን ሸራ» አለ በመጨረሻ።

«የኦፔል ስድስት ዓይነት አለኝ፣ ጌታዬ። ሞተሯ ስንት ነው? ዲስኳ ትልቁ ነው ትንሹ? የማስጠንቀቂያ ሽቦ ያለው ነው የሌለው?»

«የኦፔል አልኩሽ እኮ። አራት በር ናት፣ ግራጫ።»

ሴትዮዋ አልሳቀችም፤ ለዚህ አከበርኳት። እኔ ሊብሬውን ከቦርሳዬ አውጥቼ ሰጠኋት። የሻንሲ ቁጥሩን ኮምፒዩተር ላይ ጻፈችና ሦስት ሳጥን ደረደረች። አንደኛው አንድ ሺ ስምንት መቶ ዲናር፣ ሁለተኛው ሦስት ሺ ስድስት መቶ፣ ሦስተኛው ሰባት ሺ። አባቴ እጁን ቀጥታ የመጀመሪያው ላይ አሳረፈ። ሁሉም ከአንድ ፋብሪካ ነው የሚወጡት፣ የሚለየው ሳጥኑ ነው አለ፤ ይሄን ስለ ዱቄትም፣ ስለ ጫማም፣ ስለ ልብ መድኃኒቱም ሲል ሰምቼዋለሁ። ሴትዮዋ ለእሱ መልስ ሳትሰጥ ወደ እኔ ዞረች። ውዱ ለሚጋልቡ ሰዎች ነው፣ ለእናንተ ገንዘብ መጣል ነው አለች። ርካሹ ደረቅ ነው፤ ይጮኻል፣ ዲስኩን ይፍቃል፣ ሲግል ደግሞ አይዝም። «ከተማ ውስጥ ብቻ ነው የምትነዱት?» ስትለኝ ነገ ገደሉን እንደምንወርድ ነገርኳት። ርካሹን ሳጥን ከአባቴ እጅ ሥር ቀስ ብላ ስባ ወደ መደርደሪያው መለሰችው። መካከለኛውን ከፈልኩ። «አራቱንም በአንድ ቀን ቀይሩ» አለች ደረሰኙን ስትሰጠኝ፣ «ሁለቱ ለቀኝ ጎማ፣ ሁለቱ ለግራ። ከቀየራችሁ በኋላ መጀመሪያ ቀስ እያላችሁ ያዙ፣ ሸራው ከዲስኩ ጋር ይለማመድ።»

«እኔ ሸራ መቀየር የጀመርኩት አንቺ ሳትወለጂ ነው» አለ አባቴ። ቤት እስክንደርስ ሳጥኑን ደረቱ ላይ አስደግፎ በሁለት እጁ ይዞት ነበር።

ግቢ ስንደርስ ልረዳው ፈለግሁ። «ወደ ቃሪያሽ» አለኝ። ቼዳ፣ አንደኛ ፎቅ የሚኖረው የአውቶቡስ ሾፌር የነበረው ጎረቤታችን፣ የቢራ ሳጥን ገልብጦ ተቀምጦ ምክር ለመስጠት ተዘጋጅቷል። በዚህ ግቢ አንድ ኮፈን ከተከፈተ አምስት ወንድ ከመሬት ይበቅላል፤ የሚሠራው አንዱ ነው፣ የቀሩት ያውቃሉ። ወጣሁ። ሰማንያ ኪሎ ቃሪያ ይጠብቀኛል፣ የክረምቱ አይቫር፣ በጠርሙስ የምናስቀምጠው የቃሪያ ድልህ፣ በዚህ ቅዳሜ ካልተሠራ አይሠራም። ልጄ ጓደኛዋ ቤት ናት። እኔና እናቴ ቆዳውን እየላጥን፣ ፍሬውን እየጠረግን፣ ሥጋውን በማሽን እየፈጨን ሁለት ሰዓት ያህል ሠራን። አልፎ አልፎ በመስኮት ቁልቁል አያለሁ፤ ክሪኩ በግራ በኩል ቆሟል፣ አባቴ ጎንበስ ብሏል፣ ቼዳ መፍቻ ያቀብላል። የሳቅ ድምፅ ይመጣል። አንድ ሰዓት ቆይቼ ባይም ክሪኩ በግራ በኩል ነው።

ምሳ ሲደርስ አባቴ ወደ ላይ ወጣ። እጁን እንደ ልማዱ በስኳርና በሳሙና አሽቶ ታጠበ፣ ባቄላ ሾርባው ፊት ተቀመጠ።

«አለቀ?» አልኩት።

«አለቀ።»

«ሁለቱም?»

«ምን ሁለቱም?»

«ቀኙም ግራውም።»

«አልቋል አልኩሽ አይደል» አለና ዳቦውን ቆረሰ። እናቴ ሾርባዋ ውስጥ የወደቀባትን ነገር የምትፈልግ ይመስል አቀርቅራለች።

ዘጠኝ ሰዓት ላይ ዘይት አለቀብን። አይቫሩ ድስት ውስጥ ሆኖ ዘይት ማለቅ አይቻልም፤ ቁልፉን ከአባቴ ጃኬት ኪስ አውጥቼ ወረድኩ። ከግቢው እስክወጣ ደህና ነበረች። ድልድዩ አጠገብ መብራቱ ቀይ ሲሆንብኝ ፍሬን ያዝኩ፣ መሪው ከእጄ ሊወጣ ሆኖ ወደ ግራ ዘለለ። ግራ በኩል ከኋላው አንድ ጭነት ባሮ ሽንኩርት ያሰረ ሽማግሌ በብስክሌት እየመጣ ነበር። በሁለት እጄ መልሼ ጎተትኳት፤ ሽማግሌው አንድ እግሩን መሬት ተክሎ ከባምፐሬ አንድ ስንዝር ላይ ቆመ። ኮፈኑን በመዳፉ ሁለቴ መታ መታ አደረገ። «እህቴ፣ ዓይንሽ ነው ወይስ ፍሬንሽ?» አለኝ። ዘይቱን ገዝቼ በአንደኛ ማርሽ እየተጎተትኩ ስመለስ መስኮቱን ከፍቼ አዳመጥኩ። በግራ በኩል ጸጥ ብሏል። በቀኝ በኩል ግን ሲጥታው ቀርቶ ሌላ ድምፅ መጥቷል፤ ብረት በብረት ሲፈጭ የሚያሰማው ድምፅ።

ዘይቱን ይዤ ጓዳ ገባሁ። ያለፈው ዓመት አይቫር ከተደረደረበት ኋላ አንድ ነገር አየሁ፣ የዛሬው ሳጥን ነው። ከፈትኩት። ሁለት አዲስ ሸራ በጋዜጣ ተጠቅልሎ ተቀምጧል፤ ክዳኑ ላይ በአናጺ እርሳስ በአባቴ የእጅ ጽሑፍ «ቀኝ፣ ሲያልቅ» ይላል። ከሥሩ የቆርቆሮ ሳጥን አለ፣ እሱንም ከፈትኩት። ከሃያ ዓመት በፊት የሸጥናት መኪና ግማሽ ሸራ፣ አንድ የዝናብ መጥረጊያ፣ ሁለት ካንዴላ፤ ሁሉም በጋዜጣ ተጠቅልሎ ሁሉም ላይ ተጽፎበታል። ደሜ ፈላ፣ ግን አልገረመኝም፤ ከየት እንደመጣ አውቀዋለሁ። አገራችን ላይ ማዕቀብ በተጣለበት ዘመን፣ በኪስህ ያለው ዲናር ከጠዋት እስከ ማታ ዋጋ ባጣበት ጊዜ፣ አባቴ ግማሽ አሳማ ሰጥቶ ሁለት ሸራ አመጣ። አራት አይገኝም ነበር። ሁለቱን ክፉኛ ባለቀው ጎማ ላይ አደረገና ሁለት ዓመት ነዳ፣ አልሞትንም። ጉዱ ያለመሞታችን ነው። እንደ ትምህርት ቆጠረው፤ ያላለቀ ነገር አይጣልም፣ አዲስ ነገር በአንድ ቀን አይጨረስም። ያኔ ብልሃት ነበር። ዛሬ ሱቁ ከቤታችን አምስት ደቂቃ ነው።

ዞር ስል እናቴ የጓዳው በር ላይ ቆማለች።

«ታውቂ ነበር?» አልኳት።

«ሲያስቀምጠው አየሁ።»

«እማዬ፣ ነገ እኮ እዚያች መኪና ውስጥ የምትቀመጪው አንቺ ነሽ። ቴዎዶራ ናት።»

«ምን ልበለው?» አለች። የእውነት ጥያቄ ነበር፤ ቢነገራት የምትለው ይመስለኛል። ዝም አይነቅዝም ይባላል። የእናቴ ዝምታ እውነትም አልነቀዘም፣ አርባ አምስት ዓመት ሙሉ እንዳማረበት ነው፤ ነገ ግን ሊገድለን ነው። ይሄን በልቤ ነው ያልኩት። ለእሷ እንኳ አፌን ሞልቼ አልተናገርኩም፣ እኔም ያው የእሷ ልጅ ነኝ።

አባቴ ሳሎን ሶፋው ላይ ተጋድሞ የቴሌቪዥኑን ድምፅ ዘግቶ ኳስ ያያል። ሳጥኑን ሆዱ ላይ አስቀመጥኩለት።

«ይሄ ምንድን ነው?» አልኩት።

«የቀኙ ነው» አለ ዓይኑን ከኳሱ ሳይነቅል። «የቀኙ ገና ነው። ሦስት ሚሊሜትር አለው፣ በዓይኔ አይቻለሁ። ሦስት ሚሊሜትር አንቺ ባትነጂበት አንድ ዓመት ይሄዳል።»

«አባዬ፣ አሁን ድልድዩ ጋ ሰው ልገጭ ነበር። ፍሬን ስይዝ ወደ ግራ ትስባለች።»

«ጎማሽን አስነፊ።»

ምከረው ምከረው እምቢ ካለ መከራ ይምከረው የሚለውን ተረት የፈጠረው ሰው አባቴን ያውቀው ነበር። ችግሩ መከራው ሲመጣ እሱን ብቻ አይደለም የሚመክረው፣ ከኋላ ወንበር ላይ ያሉትንም ነው። ሳጥኑን ከሆዱ ላይ አነሳሁና የመፍቻ ቦርሳውን ከኮሪደር ያዝኩ።

«የት ነው?»

«ልቀይረው።»

«አንቺ?» አሁን ዓይኑን ከቴሌቪዥኑ አነሳ።

«የምበላው እኔ ከሆንኩ የምቀይረውም እኔ ነኝ» አልኩና በሩን ከኋላዬ ሳልዘጋው ወረድኩ።

ክሪኩን በቀኝ በኩል አቆምኩ፣ የእጅ ፍሬኑን ሳብኩ፣ ከኋላ ጎማዎቹ ሥር ጡብ አደረግሁ። ሃያ ዓመት ሙሉ ከአጠገቡ ቆሜ ሲሠራ ያየሁት ነገር ነው፤ የረሳሁትን ደግሞ ስልኬ ላይ አየሁ። ብሎኖቹ አልላላ ሲሉኝ መፍቻው ላይ በሁለት እግሬ ቆምኩ። ቼዳ ቢራውን ይዞ ብቅ አለ። «ጎረቤት፣ አባትሽ ያውቃል?» አለኝ። ያውቃል አልኩት። «ጓንት ብታደርጊ፣ ጥፍርሽ» አለ። ጥፍር የለኝም ጋሽ ቼዳ፣ ቃሪያው ጨርሶታል አልኩት። ሳቀና የቢራ ሳጥኑ ላይ ተቀመጠ። ጎማው ወጣ፤ ሸራውን አቅፎ የሚይዘውን ብረት ከኋላ በኩል ሁለት ብሎን ፈትቼ አላቀቅኩት፣ ቱቦው ላይ እንዳይንጠለጠልም በሽቦ አሰርኩት። መጀመሪያ የውጭኛውን ሸራ አወጣሁ። ሦስት ሚሊሜትር ደህና አድርጎ አለው። አባቴ አልዋሸም። ለአፍታ ራሴን ተጠራጠርኩ፤ ምናልባት በከንቱ ነው ቤቱን ያመስኩት አልኩ። ከዚያ ተንበርክኬ እጄን ከዲስኩ ኋላ ሰድጄ የውስጠኛውን አወጣሁ። ሸራ የሚባል ነገር የለውም። ከአንድ ጥግ በኩል የጥፍር ያህል ቀርቷል እንጂ ቀሪው ባዶ ብረት ነው፣ አብረቅርቆ ሰማያዊ ሆኗል። ዲስኩ ላይ ከኋላ በኩል ጣቴን ሳሳልፍ ፍቅፋቂው ተሰማኝ። ቼዳ ጎንበስ ብሎ አየና ቢራውን መሬት አስቀመጠ።

«ገደሉን ነበር በዚህ ልትወርዱ?» አለ። ከዚያ በኋላ አልቀለደም።

አባቴ መቼ እንደወረደ አላየሁም። በቤት ጫማው ከኋላዬ ቆሟል። እጁን ዘረጋ፣ ብረቱን ሰጠሁት። ወደ ብርሃኑ አዞረው፣ አውራ ጣቱን በላዩ አስኬደው፣ ገለበጠው፣ እንደገና አስኬደው። እኔ ከድልድዩ ጀምሮ ስቀምረው የመጣሁት ንግግር ነበረኝ። ዘጠኝ ዓመትና አሥራ አንድ ዓመት አለበት፣ አቧራና ዝናብ አለበት፣ የሴት እግር አለበት፣ ብስክሌተኛው ሽማግሌ አለበት። ሁሉንም አፌ ላይ አዘጋጅቼ ቀና ስል ፊቱን አየሁ።

«ውስጠኛውን አላየሁትም» አለ።

«ለምን?»

ወደ ቼዳ አየ። ቼዳ ደግሞ ድንገት የጫማው ክር አሳስቦት አቀረቀረ። «ለማየት መንበርከክ ያስፈልጋል» አለ አባቴ። ድምፁ የእሱ አይመስልም ነበር። ሠላሳ አንድ ዓመት ማሽን ሥር እየገባ የኖረ ሰው ነው። በግራ በኩልም ቢሆን ሸራውን ያስገባው ቆሞ፣ በእጁ ዳብሶ፣ ቼዳ ከታች ሆኖ እያየለት ኖሯል። ንግግሬን ዋጥኩት። ሆድ ይፍጀው።

ከዚያ ሥራው ቀጠለ፣ ምክንያቱም መኪናዋ በክሪክ ላይ ናት፣ ፀሐዩም እየሄደ ነው። ሸራውን ዲስኩ ላይ የሚያጣብቀውን ፒስተን በእጄ ወደ ውስጥ ልገፋ ስል «አይሆንም» አለ፤ «አሮጌውን ሸራ ደርቢበትና በሞርሳው ቀስ እያልሽ ግፊ። ቆይ መጀመሪያ የፍሬን ዘይቱን ክዳን ልክፈትልሽ፣ ይገነፍላል።» ከፈተ። ሸራው የሚንሸራተትባቸውን ሁለት ዘንጎች አውጥቼ በብርጭቆ ወረቀት እንዳጸዳቸው ነገረኝ፤ አንደኛው ዝጎ ነክሷል፣ ውስጠኛውን የበላው እሱ ነው። ይሄን እኔ አላውቅም ነበር፣ ስልኬም አልነገረኝም። ቅባቱ ሸራውን እንዳይነካ ሦስት ጊዜ አስጠነቀቀኝ። ትእዛዙ ይሰለቻል፤ ድሮም ይሰለቸኝ ነበር። ግን ልክ ነበር። አዲሶቹ ሁለት ሸራዎች ገቡ፣ ብሎኖቹ ታሰሩ፣ ጎማው ተመለሰ፣ ክሪኩ ወረደ።

«ግባና ፍሬኑን ርገጥልኝ፣ እስኪጠነክር» አልኩት። ፒስተኑ ተገፍቶ ስለተመለሰ ፔዳሉ መጀመሪያ ባዶ ነው፣ እስከ ወለሉ ይወርዳል፤ ደጋግመው ረግጠው ካላጠነከሩት መኪናዋ ብትንቀሳቀስ አትቆምም። ሾፌሩ ወንበር ላይ ገባ። እኔ ዘይቱን ለማየት ኮፈኑ ጋ ቆሜ ነበር፤ አንድ ሁለት ሲረግጥ ሰማሁ፣ ከዚያ ዝም አለ። «በርታ፣ ገና ነው» አልኩት። አንዴ ረገጠ፣ ደግሞ ዝም አለ። በኮፈኑ ሥር ባለው ክፍተት አሻግሬ አየሁት። ሁለት እጁን ቀኝ ጉልበቱ ላይ አድርጎ፣ ከንፈሩን ነክሶ፣ እግሩን በእጁ ነው ወደ ታች የሚገፋው። ፔዳሉ ሲጠነክር እግሩ ብቻውን አልቻለውም።

ባለፈው እሑድ ከቤተ ክርስቲያን ስንመለስ ከፊታችን የነበረችውን መኪና ልንገጭ ለጥቂት ነው የተረፍነው። «ሴት መሆን አለባት» ብሎ ሰደበ፤ ከፊታችን ያለችውን ማለቱ ነው። እኔ ከኋላ ሆኜ ተናድጄ ወደ መስኮት ዞርኩ፣ እግሩን አላየሁም። ከስንት ጊዜ ጀምሮ ነው? አልጠየቅኩትም። ያ ሁሉ የሴት እግር ስድብ ከየት እንደሚመጣ ግን አሁን ገባኝ፤ ገብቶኝም ንዴቴ አልጠፋም፤ ባሰብኝ። ነገ እነዚያን አሥራ አራት ኪሎሜትሮች በዚያ ጉልበት ሊወርዳቸው ነበር። ሸራ እንዲሁ ይቀየራል፣ ሱቅ ውስጥ ይሸጣል። ጉልበት ማነው የሚሸጥልኝ? ለሰባ አራት ዓመት ሰው፣ ወንበርህን ልቀቅ ብሎ ማነው የሚነግረው? እናቴ «ምን ልበለው» ስትል የፈረድኩባት እኔ፣ ኮፈኑን ይዤ ምን እንደምለው አጣሁ።

«ጠነከረ» አለ ከውስጥ፣ እጆቹን ከጉልበቱ ላይ በፍጥነት አንስቶ።

«እሺ፣ ልሞክራት፣ ወዲያ እለፍ» አልኩት። ወዲያ ለማለፍ መውጣት ነበረበት፤ በሩን ይዞ ቀስ ብሎ ወጣ፣ እኔም ዘይቱን የምመለከት መሰልኩ። ወንዙ ዳር ባለው ባዶ መንገድ ላይ ሴትዮዋ እንዳለችው ቀስ እያልኩ ደጋግሜ ያዝኳት። ቀጥ ብላ ትቆማለች። ሲጥታም የለ፣ ፍጭትም የለ። አባቴ መሪውን አይቶ፣ መንገዱን አይቶ፣ ወደ ወንዙ ዞረ። «ዲስኩን ሰኞ መካኒክ ያየዋል» ስለው ግን አላኮረፈም። ግቢ ስንገባ ቁልፉን መለስኩለት። ቼዳ ከአንደኛ ፎቅ መስኮቱ ሆኖ አየን፤ አባቴ በተሳፋሪው በር ሲወርድ መጋረጃውን ዘጋ። ደግ ጎረቤት ነው።

ሲመሻሽ አይቫሩን ጠርሙስ ውስጥ እየሞላን ነው። ልጄ ተመልሳ ክፍሏ ውስጥ ናት። አባቴ በረንዳ ላይ ቆሞ ከቦባን ጋር በስልክ ያወራል፤ በሩ ክፍት ነው፣ እሱ ደግሞ ስልክ ሲያወራ ኦስትሪያ ድረስ በስልክ ሳይሆን በጩኸት የሚደርስ ይመስለዋል። «ምን መካኒክ አመጣህ? ራሴ ነኝ እንጂ» ይላል። «ሁለቱንም ጎን፣ ታዲያሳ። አንዱን ጎን ብቻ የሚቀይር ቂል ነው፣ ትስባለች እኮ። ውስጠኛውን ማየት ነው ዋናው፣ ሰው ውስጠኛውን አያይም።» ጭልፋው እጄ ላይ ቀረ። ጣቶቼ ውስጥ ገና የፍሬን አቧራ አለ፣ በስኳርም በሳሙናም አልወጣ ብሎኛል። በረንዳው ድረስ አራት እርምጃ ነው፤ ሁለቱን ሄጃለሁ። ወደ እናቴ ዞሬ አየሁ፤ ያቺን «ተይው» የምትል ቃሏን እስክትላት ጠበቅኩ።

አባቴ ስልኩን ዘግቶ ገባ። ጠረጴዛው ጋ ቆመ፣ ጠርሙሶቹን ቆጠረ፣ አንዱን ክዳን ፈትሾ መልሶ አጠበቀ። ከዚያ ኪሱ ገባና ቁልፉን አውጥቶ ከጭልፋዬ አጠገብ አስቀመጠው። ነገ እሑድ ነው።

«ገደሉን በሁለተኛ ማርሽ ውረጂ» አለ እኔን ሳያይ። «እግርሽን ፍሬን ላይ አታቆዪው። ሸራው አዲስ ነው።»

ሶፋው ድረስ ሲሄድ በግድግዳው ተደግፎ ነበር፤ ዛሬ ለመደበቅ አልሞከረም። የቴሌቪዥኑ ድምፅ ተከፈተ። እኔ ቁልፉን እያየሁ ቆሜያለሁ፤ ልመልስለት፣ አመሰግናለሁ ልበል፣ ለቦባን ስላወራው ልጠይቀው፣ አላውቅም። እናቴ እጇን በጨርቅ ጠረገች። ቁልፉን አንስታ መዳፌ ላይ አስቀመጠችና ጣቶቼን አንድ በአንድ አጠፈቻቸው።

«ያዢው» አለች።